ደብረ ማርቆስ ላይ የዝውውር ቅሬታ የሚጽፉት ጋሼ፦ ከ5 ኮከብ 4

አራት ኮከብ ሰጥቻለሁ። አምስተኛዋ ለምን እንደቀረች ወደ ታች አለ።

የምጽፈው ደብረ ማርቆስ ውስጥ ስላሉ አንድ አቤቱታ ጸሐፊ ነው። ቤታቸው ፍርድ ቤት አካባቢ ከተደረደሩት የኮምፒውተር ጽሕፈትና የፎቶ ኮፒ ቤቶች አንዷ ናት። ከውጭ ስታዩዋት ከጎረቤቶቿ በምንም አትለይም። አንድ ጠረጴዛ፣ እያቃሰተ የሚያትም ፕሪንተር፣ ጥግ ላይ የተከመሩ የሰበር (የመጨረሻው የፍርድ እርከን) ውሳኔ ቅጾችና የዝክረ ሕግ (የክልሉ የሕግ ጋዜጣ) ኮፒዎች፣ ለባለጉዳይ ሁለት አግዳሚ ወንበር። ሰውየው ድሮ ሬጅስትራር ነበሩ፤ ጡረታ ሲወጡ ይህችን ከፈቱ። ሁሉም ሰው "ጋሼ" ነው የሚላቸው፣ እኔም እንደዚያው እላለሁ። ኮምፒውተሩ ላይ የምትቀመጠው ወጣት የሳቸው ልጅ አይደለችም። የገባውን ሁሉ "ልጄ" ስለሚሉ ብዙ ሰው ይመስለዋል።

አስተያየቴ ስለ ዝውውር ጉዳይ ብቻ ነው። ውርስም፣ ፍቺም፣ የመሬት ክርክርም ይጽፋሉ፤ እሱን ያየ ይመስክር።

የመንግሥት ሠራተኛ ነኝ፣ ሒሳብ ክፍል። የመሥሪያ ቤቱ ስም ይቅር። ከአንድ ባልደረባዬ ጋር በአንድ ቀን የዝውውር ደብዳቤ ተሰጠን፤ እኔ ወደ አንድ ሩቅ ወረዳ፣ እሱ ወደ ሌላ። ደብዳቤው ያቺን ሁላችሁም የምታውቋትን ሐረግ ይዟል፦ "ለሥራው አስፈላጊ ሆኖ በመገኘቱ"። ከሥሯ የመደቡ መጠሪያ፣ ፊርማ፣ ማኅተም፣ ግልባጭ ለእነ እከሌ። በቃ። ልጅ ትምህርት ቤት ያስመዘገበ፣ እናቱን የሚያስታምም፣ ቤት ጀምሮ ጣሪያ ያልደረሰ ሰው ያችን ሐረግ ሲያነብ ምን እንደሚሆን የደረሰበት ያውቀዋል።

ባልደረባዬ ቸኮለ። መናኸሪያ አካባቢ አንድ ጽሕፈት ቤት ገብቶ በዚያው ሰዓት አጽፎ ወጣ። እኔን ደግሞ በዝውውር ተቸግራ የነበረች አንዲት ነርስ ጎረቤቴ ናት ወደ ጋሼ የላከችኝ። የከፈልነው ገንዘብ ብዙም አይራራቅም። ያገኘነው ግን አይገናኝም።

ጋሼ ጋ ስትገቡ ወዲያው አይጻፍላችሁም። ትጠየቃላችሁ። የመጀመሪያዋ ጥያቄ ደግሞ ግራ ታጋባለች። "ደሞዝሽን የሚከፍልሽ ማነው?"

"መንግሥት ነዋ ጋሼ።"

"የቱ መንግሥት?"

ቀልድ መስሎኝ ነበር፤ አይደለም። የዞንና የወረዳ ሠራተኛ የሚተዳደረው ክልሉ በዝክረ ሕግ ባወጣው የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ ነው። ዩኒቨርሲቲ ወይም ሌላ የፌዴራል መሥሪያ ቤት ያለ ሰው ደግሞ በፌዴራሉ ነው። እዚያ አዋጅ ቁጥር 1064/2010 ሲሠራበት ቆይቶ በ2017 አዲስ አዋጅ ወጥቷል፤ ስለዚህ ከጓደኛችሁ የተዋሳችሁትን አሮጌ ኮፒ ይዛችሁ እንዳትከራከሩ። ንግድ ባንክ፣ ቴሌ፣ መብራት ኃይል የሚሠሩት ደግሞ የልማት ድርጅት ሠራተኞች ናቸው፤ የእነሱ ነገር በአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ቁጥር 1156/2011ና በድርጅቱ የኅብረት ስምምነት ነው የሚታየው። ሰፈር ውስጥ ሁላችንም "የመንግሥት ሠራተኛ" ነን፣ እቁብም አብረን እንጥላለን። ክርክር ሲመጣ ግን መንገዳችን ለየቅል ነው።

ባልደረባዬ የወደቀው እዚህ ላይ ነው። የጻፈለት ልጅ ኮምፒውተሩ ውስጥ ከነበረ የአንድ ፋብሪካ ሠራተኛ ክስ ላይ ስምና ቀን ቀይሮ አተመለት። አዋጅ 1156/2011 እየተጠቀሰ፣ በቀጥታ ለመደበኛ ፍርድ ቤት። ያ አዋጅ እኮ የመንግሥት አስተዳደር ሠራተኞችን እንደማይመለከት ገና መጀመሪያው ላይ ይናገራል! የመሥሪያ ቤቱ ወገን ብዙ መድከም አላስፈለገውም። በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 244 የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ አቀረበ፦ ፍርድ ቤቱ ይህን የማየት ሥልጣን የለውም። መዝገቡ ተዘጋ። ዝውውሩ ትክክል ነው ወይስ አይደለም የሚለው አንድም ቀን ሳይነሳ። በዚህ መሐል ደግሞ በመሥሪያ ቤቱ ውስጥ ቅሬታ ማቅረቢያው ጊዜ አለፈ። ያንን ጽሕፈት ቤት ስሙን አልጠራም፤ ግን "ፎርሙ አለኝ፣ አሁኑኑ ይደርስልሃል" ከሚል ሰው ራቁ።

ጋሼ "መጀመሪያ ቤትሽ ውስጥ ጨርሺ" ነው የሚሉት። ማለትም ለቅርብ ኃላፊ፣ ቀጥሎ ለቅሬታ አጣሪ ኮሚቴ። ኮሚቴው የውሳኔ ሐሳብ ነው የሚያቀርበው፣ ወሳኙ የበላይ ኃላፊው ነው። ኃላፊው ወስኖ ካላረካችሁና ጉዳዩ በሥልጣኑ ሥር የሚወድቅ ከሆነ የመንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት አለ። ከዚያ በኋላ ነው በሕግ ስህተት ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት ይግባኝ የሚባለው። እሱም በሕግ ስህተት ብቻ፤ ፍሬ ነገሩ፣ ማለትም ምን ተፈጸመ የሚለው፣ ከታች ካለቀ አለቀ። ሰው ሁሉ ከጫፉ መጀመር ይወዳል። "ሰበር እሄዳለሁ" ሲል የሰማሁት አንድ ሰው ደብዳቤውን ገና ለአለቃው እንኳ አላሳየም ነበር።

ሁለተኛዋ ጥያቄ "መቼ ደረሰሽ?" ናት። ደብዳቤው የተጻፈበት ቀን ሌላ ነው፣ በእጃችሁ የገባበት ሌላ ነው። ቀን የሚቆጠረው ከደረሳችሁ ነው፣ ችግሩ ግን መቼ እንደደረሳችሁ የሚያሳይ ነገር ካልያዛችሁ የደብዳቤው ቀን ይነገርባችኋል። ስለዚህ "ደርሶኛል" ብላችሁ ስትፈርሙ ቀኑን በራሳችሁ እጅ ጻፉ። ቅሬታችሁንም ስታስገቡ በሁለት ኮፒ ይሁን፤ መዝገብ ቤት አንዱን ይቀበላል፣ በእናንተ ኮፒ ላይ የገቢ ማኅተምና ቁጥር ያደርጋል። "ለአለቃው በእጄ ሰጥቼዋለሁ" ማስረጃ አይደለም። ጋሼ ይህን በሬጅስትራርነት ዘመናቸው ስንት ሰው ሲያለቅስበት እንዳዩ ይነግሯችኋል። ጊዜ ካላችሁ ስሙ፣ ከሌላችሁ ደግሞ ሳል ሳል አድርጉ፤ ወሬ ይወዳሉ።

ሦስተኛው ነገር እኔን ያዳነኝ ነው። ደብዳቤውን ተቀብለው መነጽራቸውን ከፍ ዝቅ አድርገው "ደረጃው የታለ?" አሉኝ። መጠሪያው አለ፣ ደረጃ አልተጻፈም። ሳይጽፉልኝ መለሱኝ። አሁን ያለሁበትን መደብ ደረጃና ደሞዝ የሚያሳየውን የምደባ ደብዳቤ፣ እንዲሁም የምሄድበት ወረዳ ያንን መደብ በስንት ደረጃ እንደመዘነው አጣርቼ እንድመጣ። ተናድጄ ወጣሁ፣ እውነቱን ለመናገር። ሳጣራ ግን የምሄድበት መደብ ከኔ በአንድ ደረጃ ዝቅ ያለ ሆኖ ተገኘ።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ምክንያቱም ዝውውር የደረሰው ሰው ሁሉ ሊያውቀው ይገባል። መሥሪያ ቤት ሠራተኛውን ማዛወር ይችላል። ይህን መካድ ጊዜ ማባከን ነው። ግን ዝውውሩ ወደ ተመሳሳይ ደረጃና እኩል ደሞዝ መሆን አለበት። ከደረጃ ዝቅ ማድረግ ዝውውር አይደለም፣ ቅጣት ነው፤ ያውም ከከባዶቹ አንዱ። የዲሲፕሊን ቅጣቶቹ በሕግ ተዘርዝረዋል፦ የቃል ማስጠንቀቂያ፣ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ፣ እስከ አንድ ወር ደሞዝ መቀጮ፣ እስከ ሦስት ወር ደሞዝ መቀጮ፣ ከደረጃና ከደሞዝ ዝቅ ማድረግ፣ ስንብት። የመጨረሻዎቹ ሦስቱ ከባድ ናቸው፤ ከባድ ቅጣት ደግሞ ክስ ሳይደርሳችሁ፣ መልስ ሳትሰጡ፣ የዲሲፕሊን ኮሚቴ ሳይመረምር አይጣልም። አሁን ዝርዝሩን መልሳችሁ እዩት። "ወደ ሩቅ ወረዳ መላክ" የሚል አለ? የለም። አንድ ኃላፊ ሊቀጣችሁ ፈልጎ በዝውውር ካደረገው ሕጉ የማያውቀውን ቅጣት ነው የቀጣችሁ፣ ክርክሩም እዚያ ላይ ነው መቆም ያለበት።

ችግሩ "ሊቀጣኝ ነው" ማለት ቀላል፣ ማሳየት ከባድ መሆኑ ነው። ጋሼ አራተኛ ጥያቄያቸው "ከማን ተጣላሽ?" ነበር። አንድ የክፍያ ሰነድ ሳይሟላ አልፈርምም ብዬ በማስታወሻ መልሼ ነበር። የማስታወሻው ኮፒ አለሽ ወይ አሉኝ፤ ነበረኝ። እኔ ያንን ታሪክ አንድ ገጽ ሙሉ እንዲጽፉልኝ ነበር የፈለግኩት፣ ማን ምን እንዳለኝ፣ በስብሰባ ላይ እንዴት እንዳየኝ፣ ሁሉን። ሁለት መስመር ብቻ ጻፉ። ማስታወሻው የገባበት ቀን፣ የዝውውሩ ደብዳቤ የወጣበት ቀን። "ጠልቶኝ ነው አትበይ። ቀኖቹን ጎን ለጎን አስቀምጪና ኮሚቴው ራሱ ይቁጠር።"

ስለ አጻጻፋቸው ደግሞ። እዚህ ጎጃም ነን፣ ዋሸራና ዲማ ቅኔ የተቀኙ ሰዎች አገር። አቤቱታ ስንጽፍ ቅኔው ይመጣብናል። "የድሃ እንባ ሜዳ ላይ ፈስሶ እንዳይቀር"፣ "እግዚአብሔርን በሚፈራው ብዕርዎ"፣ እንዲህ ያለው። የኔ ረቂቅም በዚያ ተሞልቶ ነበር። ከአንጀት ካለቀሱ እንባ አይገድም ይባል የለ? ጋሼ ግን በቀይ እስክሪብቶ ሰረዙት። የቀረው አንድ ገጽ ተኩል ነው፦ ማን ነኝ፣ ምን ተወሰነብኝ፣ የትኛው ድንጋጌ ተጣሰ፣ ምን እንዲደረግልኝ እጠይቃለሁ፣ የተያያዘ ማስረጃ። ሲነበብ ደረቅ ነው። መጀመሪያ ቅር ብሎኝ ነበር፣ የኔ ሳይሆን የሌላ ሰው ጉዳይ መሰለኝ። ኮሚቴው ፊት ስቀርብ ግን ሰብሳቢው ጣቱን እያስኬደ ነጥብ በነጥብ ሲጠይቀኝ ጥቅሙ ገባኝ።

የጠየቅኩትንም አስተካክለውታል። እኔ "ዝውውሩ ይሰረዝልኝ" ብቻ ነበር ያልኩት። እሳቸው "ይህ ቢታለፍ" ብለው ሁለተኛ አማራጭ ጨመሩ፦ ደረጃዬና ደሞዜ ተጠብቆ፣ የዝውውር ወጪዬ ታስቦ እንድሄድ። ያኔ እንደመሸነፍ ቆጠርኩት።

ሌላ ማንም ያልነገረኝ ነገር። ቅሬታ ማስገባት በራሱ ዝውውሩን አያቆመውም። ብዙ ሰው "ከስሻለሁ" ብሎ ቤቱ ይቀመጣል። ከዚያ በማስታወቂያ ይጠራል፣ ከሥራ ቀርቷል ይባላል፣ መጨረሻው ስንብት ይሆናል። የዝውውር ክርክር ተነስቶ የስንብት ክርክር ሆኖ ያርፋል። የሚያስቆም የእግድ ትዕዛዝ በእጃችሁ ከሌለ መሄድ ነው። ጋሼ ለዚህ አንድ አንቀጽ ደብዳቤ ለብቻው ጻፉልኝ፤ በዝውውሩ ላይ ያቀረብኩት ቅሬታ እንደተጠበቀ ሆኖ ለሥራ ሪፖርት ማድረጌን የምትገልጽ። እሷን አዲሱ ቦታ መዝገብ ቤት አስገብቼ ኮፒዬን አስመታሁ። ከዋናው አቤቱታ ይልቅ ለዚች ወረቀት ነው አራት ኮከብ የሰጠሁት።

ለሁሉም ሰው ግን አይጽፉም። አንድ ቀን ወረፋ ስጠብቅ አንድ ወጣት መጣ፣ የግብርና ባለሙያ። በዚያው ደረጃ፣ በዚያው ደሞዝ ወደ ቆላ ወረዳ ተዛውሯል። ቅሬታው ሙቀቱና ወባው ነው። "ሕመም አለብህ?" "የለብኝም።" "ተጣልተሃል?" "አይ።" "የሐኪሞች ቦርድ ማስረጃ?" የለም። በጤና ምክንያት የሚሆነው ቦርዱ በዚህ ቦታ ወይም በዚህ ሥራ ላይ ሊቆይ አይችልም ብሎ ሲጽፍ ነው፣ "ወባ እፈራለሁ" ማለት አይበቃም። "ልጄ፣ ብርህን አታባክን። ሂድና ሥራህን ያዝ፣ በጊዜው የዝውውር ጥያቄ አቅርብ" አሉትና ሸኙት። ልጁ ከፋው። አግዳሚው ላይ የነበሩ አንድ እናት "ምን አለበት ቢጽፉለት፣ ለራሱ ነው የሚከፍለው" ብለው አጉረመረሙ። እኔ ግን ገንዘብ የማይቀበል አቤቱታ ጸሐፊ ስላየሁ የበለጠ አመንኳቸው።

ሰሞኑን ብዙ ሰው የሚያነሳው መንገድ ነው። መንገድ ይዘጋል፣ መኪና አይገኝም፣ ሕይወቴ አደጋ ላይ ነው። እውነት ነው፤ ጎጃም ላይ የሚኖር ሰው ይህን የሚክድ የለም። ግን ይህንኑ የሚጽፈው ሁሉም ሰው ስለሆነ ብቻውን ክብደት አያነሳም። ጋሼ እንዲጻፍ የሚስማሙት ከራሳችሁ ሁኔታ ጋር ሲያያዝ ነው፤ ለምሳሌ በቋሚ ክትትል ላይ ያለ ሕመምተኛ ቤተሰብ ካለና የሆስፒታሉ ቀጠሮ ወረቀት ከተያያዘ።

አሁን ወደቀነስኳት ኮከብ። ደረሰኝ የለም፤ ብትጠይቁም ይስቃሉ። ምሥጢር የለም፤ ክፍሏ ጠባብ ስለሆነች የእናንተን ጉዳይ ወረፋ የያዘው ሁሉ ይሰማል፣ ከተማዋም ትንሽ ናት፣ ከሰሚዎቹ አንዱ የአለቃችሁ አማች ሊሆን ይችላል። እኔ ኃላፊውን ስም ሳልጠራ "እሱ" እያልኩ ነው የጨረስኩት። በዓል ያከብራሉ፤ ሚካኤል፣ ማርያም፣ ባለወልድ፣ ሁሉን። ያ መብታቸው ነው፣ ግን የእናንተ ቀን እየተቆጠረ ከሆነ ቀድማችሁ ሂዱ። መብራት ሲጠፋ ሥራ የለም፣ ጄኔሬተር ገና አልገዙም። አንድ ጊዜ ጽፈው ከሰጡ በኋላ ደግሞ ክትትል የሚባል ነገር የለም፤ ምን ደረሰ ብሎ የሚደውል አትጠብቁ።

ከሁሉም በላይ ጋሼ ጠበቃ አይደሉም። ይጽፋሉ እንጂ ችሎት ቆመው አይከራከሩላችሁም፣ እሳቸውም ይህን አይደብቁም። ጉዳያችሁ ኮሚቴውን አልፎ ይግባኝ ደረጃ ከደረሰ፣ በተለይ የሰበር ውሳኔ እየተጠቀሰ የሚሞገትበት ከሆነ፣ ፈቃድ ያለው ጠበቃ ያዙ። አቅም ከሌላችሁ ብዙዎቹ የሕግ ትምህርት ቤት ያላቸው ዩኒቨርሲቲዎች ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣሉ፤ መጠየቅ ነው።

የኔ ምን ሆነ ለምትሉ፦ ኮሚቴው ደረጃው ዝቅ ማለቱን ተቀበለ፣ ኃላፊውም ደብዳቤውን አስተካክሎ በደረጃዬ ወደሚመጥን መደብ አዛወረኝ። ወረዳው አልተቀየረም። ሁለተኛዋ አማራጭ ናት የተፈቀደችልኝ፣ ያቺ እንደመሸነፍ የቆጠርኳት። ስለ ቀኖቹ ኮሚቴው ምንም አላለም፤ በቃለ ጉባኤው ላይ ግን ሁለቱም ቀኖች ተጽፈዋል፣ ኮፒውም እጄ ላይ ነው። ባልደረባዬ ዘግይቶ ያስገባውን ቅሬታ ጊዜው አልፏል ብለው መለሱለት። አሁን እሱም ወደ ጋሼ ሄዷል፣ ለመዘግየቱ በቂ ምክንያት አለኝ የሚል ማመልከቻ እያጻፈ ነው።

የምትሄዱ ከሆነ የዝውውሩን ደብዳቤ፣ የመጨረሻውን የምደባና የደሞዝ ደብዳቤ፣ የቅርብ ጊዜ የሥራ አፈጻጸም ውጤታችሁን ያዙ። መምህራን ደግሞ የራሳቸው የዝውውር መመሪያ ስላላቸው የዘንድሮውን ሰርኩላር ካላመጣችሁ ይመልሷችኋል። ጠዋት ሂዱ፤ ከሰዓት በኋላ የመሬት ባለጉዳይ ይሞላዋል። ለዋናው አቤቱታ 500፣ ለሪፖርት ደብዳቤዋ 100 ብር ነው የከፈልኩት፣ ኮፒ ለብቻው ነው። ፕሪንተሩ ቀለም ሲጨርስ ጎረቤት ስለሚልኳችሁ ፍላሽም ያዙ።